ጠይብ ስለ ተባለው ጠቢብ



በዚህ እትም ልንነጋገርበት ያሰብነው ስለ አንድ ቃል ነው። ቃሉ አጭር ነው። በደቡብ ወሎ ምዕራባዊ ደጋ፥ በከላላና በወግዲ፥ በመካነ ሰላምና በለጋምቦ ሕፃን ሳይቀር ያውቀዋል። ሆኖም የሚባልበት ሰው ባለበት ጮክ ተብሎ አይነገርም። ወይ በሹክሹክታ ይነገራል፥ ወይም በጠብ ጊዜ እንደ ድንጋይ ይወረወራል። ቃሉ «ጠይብ» የሚለው ነው።

በከላላ ገበያ ያለፈ ሁሉ የምንለውን አይቶታል። እህሉና ከብቱ፥ ጨውና በርበሬው፥ ጨርቃ ጨርቁ በየተራው ተሰልፎ ከዳር በኩል ምጣድና ጀበና፥ ገንቦና ድስት ተዘርግቶ ይታያል፤ ከዚያው አጠገብ ማረሻና ማጭድ፥ መጥረቢያና ቢላዋ አለ። ገዢው ይመጣል፤ ምጣዱን በጣቱ አንኳኩቶ ድምፁን ያዳምጣል፤ ስንጥቅ እንደሌለው ሲረዳ ይከራከራል፥ ይከፍላል፥ ይሄዳል። ገንዘቡ ከእጅ ወደ እጅ ይተላለፋል፤ ስለ ልጆች ጤና፥ ስለ ከብትና ስለ ዝናብ የሚጠያየቀው የወሎ ረጅም ሰላምታ ግን እዚያ ሲደርስ ያጥራል። ምጣዱ ወደ ቤት ገብቶ እንጀራ ይጋገርበታል፤ ምጣዱን የሠራችው ሴት ግን ለዚያ እንጀራ አትጠራም።

ይህ ቃል ከወዴት መጣ? የመዝገበ ቃላት ሊቃውንት የሚሰጡት መልስ ሊያሳፍረን የሚገባ ነው። «ጠይብ» ከግእዙ «ጠቢብ» የተገኘ ነውና፤ መካከለኛው ፊደል በአማርኛ አፍ ላልቶ «ይ» ሆነ እንጂ ቃሉ ሌላ አይደለም። ጠቢብ ማለት ዐዋቂ፥ ብልህ፥ አስተዋይ ማለት ነው። ሰሎሞንን ጠቢብ እንላለን። በቅዳሴያችንና በጸሎታችን እግዚአብሔርን ስለ ጥበቡ እናመሰግነዋለን። ለልጆቻችንም ጥበቡ፥ ጥበበ የሚል ስም እናወጣለን። ሠዓሊውንና ባለ ቅኔውን የጥበብ ሰው ብለን እናከብራለን። በበዓል ቀን በነጭ ቀሚስ ጠርዝ ላይ የሚያምረውን የሽመና ጌጥ ጥበብ ብለን እንጠራለን፤ ሸማኔውን ግን ያው ስድብ ይከተለዋል። ከአንድ ሥር የበቀሉ ቃላት ሆነው አንዱን ለልጃችን ስም አደረግነው፥ ሌላውን በጎረቤታችን ፊት ላይ ወረወርነው።

የእጅ ሠራተኛውን ጠቢብ ብለው የጠሩት አባቶች ቃሉን ያለ ቦታው አላዋሉትም፤ ከቅዱሳት መጻሕፍት ተምረውታልና። በኦሪት ዘጸአት ምዕራፍ 31 እግዚአብሔር ለሙሴ ስለ ባስልኤል ይነግረዋል። ባስልኤል ከይሁዳ ነገድ የሆነ፥ ወርቅና ብር ናስም የሚሠራ፥ ዕንቍ የሚቀርጽ፥ እንጨት የሚጠርብ ሰው ነበር። እግዚአብሔርም በጥበብና በማስተዋል በዕውቀትም መንፈሱን እንደ ሞላበት ይናገራል። እዚህ ላይ ጥቂት ቆም እንበል። በመጽሐፍ ቅዱስ የእግዚአብሔር መንፈስ «ሞላበት» ሲባል መጀመሪያ የምናነበው ስለ ነቢይ አይደለም፥ ስለ ንጉሥም አይደለም፤ ስለዚህ ባለ መዶሻ ሰው ነው። በዕብራይስጡ «ሖክማ» የሚባለው ጥበብ የሰሎሞንም የባስልኤልም ነው። የዕብራይስጡ ጸሐፊ የአእምሮን ዕውቀትና የእጅን ዕውቀት በሁለት ስም አልለያቸውም፤ ግእዛችንም አልለያቸውም ነበር።

ወሎ የክርስቲያኑና የሙስሊሙ የጋራ ቤት ስለሆነ ሌላም ነገር እናንሣ። ከጎረቤቶቻችን መካከል ዐረብኛ የቀራ ደረሳ ቢጠየቅ «ጠቢብ» ማለት ሐኪም ነው ብሎ ይመልሳል። በዐረብኛ ይኸው የቃል ሥር ወደ መፈወስ ጥበብ አዘነበለ። እንግዲህ አንዱ ቃል በዐረብኛ ሕመምን የሚያርቅ ሰው ሆኖ ሳለ፥ በእኛ አማርኛ ግን ሕመምን በዓይኑ ያመጣል ተብሎ የሚፈራ ሰው መጠሪያ ሆነ። ብረትን በተመለከተም በቁርኣን 57ኛው ምዕራፍ ስሙ «አል-ሐዲድ» ማለትም ብረት ነው፤ ነቢዩ ዳዊትም ብረት የለዘበለት፥ ጥሩር የሚሠራ ሰው ሆኖ በዚያው መጽሐፍ ይነገርለታል። ስለዚህ ብረት ቀጥቃጩን ለመናቅ ከሁለቱም ሃይማኖት መጻሕፍት ድጋፍ የሚያገኝ ሰው የለም።

ሐኪሙና ብረት ሠሪው አጠገብ ለአጠገብ የቆሙበት አንድ የመጽሐፍ ቅዱስ ምዕራፍ አለ፤ እርሱም መጽሐፈ ሲራክ ምዕራፍ 38 ነው። ምዕራፉ ሐኪምን አክብር ብሎ ይጀምራል፤ መድኃኒት ቀማሚውንም ያነሣል፤ ከዚያ ስለ ሙታን ኀዘን ተናግሮ ወደ አራሹ፥ ወደ ማኅተም ቀራጩ፥ ወደ ብረት ሠሪውና ወደ ሸክላ ሠሪው ይሻገራል። የዐረብኛው ጠቢብና የአማርኛው ጠይብ በአንድ ምዕራፍ ተገናኙ ማለት ነው። ብረት ሠሪው በመስፉ አጠገብ ተቀምጧል፤ የእሳቱ ወላፈን ሥጋውን ያከሳዋል፤ የመዶሻው ድምፅ ጆሮውን ይመታል፤ ዓይኑ ግን ከሚሠራው ዕቃ አምሳያ አይነቀልም። ሸክላ ሠሪው በእግሩ መንኰራኵር ያሽከረክራል። የእኛ ሸክላ ሠሪዎች እንኳን መንኰራኵር የላቸውም፤ ጭቃውን ከተፈጨ ገል ጋር ለውሰው በባዶ እጃቸው ይገነቡታል፤ በገላጣ ቦታ በእንጨትና በኩበት ያቃጥሉታል፤ ነፋስ ቢመጣ የሳምንት ድካማቸው በአንድ ሰዓት ይሰነጠቃል።

እውነቱን ለመናገር ሲራክ ራሱ ለእጅ ሠራተኞች ሙሉ ክብር አልሰጠም። ጸሐፊውንና የሕግ መምህሩን ያስቀድማል፤ የእጅ ሠራተኛ ወደ ሸንጎ አይጠራም፥ በዳኛ ወንበርም አይቀመጥም ይላል። ይህን ደብቀን ጥሩውን ብቻ ብንጠቅስ ለአንባቢ ታማኞች አንሆንም። ነገር ግን ያው ጸሐፊ ያለ እነርሱ ከተማ እንደማይሠራ፥ የዓለምን ሥርዓት አጽንተው የያዙት እነርሱ መሆናቸውን ይመሰክራል፤ በመጨረሻም ጸሎታቸው በሙያቸው ሥራ ውስጥ ነው ይላል። ዛሬ እኛ የደረስንበት ንቀት ሲራክ ካለው እጅግ የራቀ ነው። እርሱ ከሸንጎ ወንበር አራቃቸው፤ እኛ ከማዕድ፥ ከጋብቻና ከመቃብር ጎን አራቅናቸው።

በሌላው ዓለም ይህ ሙያ ምን ስም እንዳተረፈ ብንመለከት ነገሩ ይበልጥ ይገርመናል። በእንግሊዝ አገር «ስሚዝ» የሚለው ቃል በጥንት ጊዜ ብረትም ይሁን እንጨት በእጁ ጥበብ የሚሠራ ማለት ነበር፤ ኋላ ለብረት ቀጥቃጩ ተለየ። ዛሬ በእንግሊዝም በአሜሪካም ከቤተሰብ ስሞች ሁሉ የሚበዛው እርሱ ነው። ጀርመኑ ሽሚት፥ ጣሊያኑ ፌራሪ፥ ዐረቡ ሐዳድ ይላል፤ ሁሉም ብረት ሠሪ ማለት ነው። ልጆች ይህን ስም ከአባታቸው ይወርሳሉ፤ ስሙን በበራቸው ላይ ይጽፉታል። በእኛ አገር «ጠይቡ» ተብሎ ክርስትና የሚነሣ ልጅ ሰምተን አናውቅም።

ቃሉ ለምን እንዲህ ወደቀ? ብዙ ምክንያት ይኖረዋል፤ እኛ ግን ሁለቱን እናንሣ። አንደኛው የመሬት ነገር ነው። በቀድሞው ሥርዓት ርስት ያለው ሰው አራሽ ነበር፤ ክብሩም ከርስቱ ይመጣል። እጁን ብቻ ይዞ የሚኖረው የእጅ ሠራተኛ ብዙውን ጊዜ ርስት አልነበረውም፤ ስለዚህም «ባለ እጅ» ተባለ። እግዚአብሔር ሁላችንንም ባለ እጆች አድርጎ ፈጥሮን ሳለ ይህ ስም የአንድ ወገን ብቻ መለያ መሆኑ አስገራሚ ነው። ሁለተኛው ፍርሃት ነው። ድንጋይ የመሰለውን ነገር በእሳት አለዝቦ ስለት የሚያወጣ ሰው ምሥጢር ያለው መሰለ። የማይረዱትን መፍራት፥ የሚፈሩትንም መጥላት የሰው ልማድ ነውና ቡዳ ተባለ፤ ሌሊት ጅብ ይሆናል፥ በዓይኑ ይበላል ተባለ። ሕፃን በታመመ ቁጥር በደለኛው የታወቀ ሆነ። በዚህ ምክንያት ወደ ሐኪም መሄድ የነበረበት ሕፃን በቤት ይቆያል፤ መንገድ ላይ ያለፈችው ሸክላ ሠሪ ግን ትከሰሳለች።

ከዚህም የከፋ፥ ሃይማኖትን የለበሰ ተረት አለ። ጌታችን የተቸነከረበትን ችንካር የሠሩት የእነርሱ አባቶች ናቸው የሚል ነው። ይህን ተረት ከክርስቲያን አፍ ሰምተነዋል፤ ሰምተንም ዝም ያልንበት ጊዜ አለ። ወንጌል የሚነግረን ግን ሌላ ነው። አሳልፎ የሰጠው ከማዕዱ የበላ ደቀ መዝሙር ነበር፤ የፈረደበት አገረ ገዥ ነበር፤ ስቀለው ያለው ሕዝብ ነበር፤ የቸነከሩት ወታደሮች ነበሩ። ችንካሩን ማን እንደ ሠራው ወንጌላውያን አንድ ቃል አልጻፉም። እነርሱ ያላሉትን ፈጥረን በወንድማችን ላይ መጫን በሐሰት መመስከር ነውና በስምንተኛው ትእዛዝ የተከለከለ ኃጢአት ነው። ኑዛዜ ስንገባ ስንቶቻችን ይህን ተናዝዘናል?

መንግሥትም ነገሩን ሳያየው አልቀረም። ዳግማዊ ዐፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ሠራተኛን በሙያው ስም የሚሰድብ ሁሉ የሰደበው ንጉሡን እንደ ሆነ የሚያስታውቅ አዋጅ አስነግረው ነበር፤ ብረት ሠሪውን ጠይብ ማለትም በአዋጁ ከተነቀፉት አንዱ ነበር። ከዚያ ወዲህ ከመቶ ዓመት በላይ አልፏል፤ ንጉሡም ሄዱ፥ ከእርሳቸው በኋላ የመጡትም ሄዱ፤ ቃሉ ግን በከላላ ገበያ አሁንም አለ። በአዲስ አበባ የብረት በር የሚበይደው ሰው ባለሙያ ይባላል፤ በፒያሳ ወርቅ የሚሠራው ሰው በር ላይ ወንበር ይቀርብለታል። ከአሮጌ መኪና ባሌስትራ ማረሻ የሚያወጣው የገጠሩ ሰው የሚሠራው ሥራ ከእነዚህ በምን ያንሳል? ከሰሉና ወናፉ፥ ጉጠቱና መዶሻው አንድ ነው።

አሁን ወደ ናዝሬት እንሂድ። ጌታችን ባደገባት ከተማ በምኵራብ ባስተማረ ጊዜ ሰዎቹ ተደነቁ፤ ይህ ጥበብ ከወዴት መጣለት ብለው ጠየቁ። ወዲያው ግን የጸራቢው ልጅ አይደለምን ብለው ተሰናከሉበት (ማቴ. 13፥54-57)። በማርቆስ ወንጌል ደግሞ (6፥3) ጸራቢው እርሱ ራሱ ነው። ጥበቡን አዩ፥ ሙያውን አዩ፥ ሁለቱ በአንድ ሰው ሊገናኙ አይችሉም ብለው ፈረዱ። ጠቢብ መሆኑን ዐወቁ፤ ጠይብ ነው ብለው ናቁት። የናዝሬት ሰዎች ኃጢአት የእኛው ኃጢአት ነው። ማቴዎስም በዚያ ባለማመናቸው ብዙ ተአምራት እንዳላደረገ ይጽፋል። በንቀታቸው የተጎዱት እነርሱ ራሳቸው ናቸው፤ የታመመ ልጅ የነበረው የናዝሬት አባት በዚያ ቀን ልጁን ሳያስፈውስ ቀርቶ ይሆናል።

በግሪኩ «ቴክቶን» የሚለው ቃል በእንጨትም በድንጋይም የሚሠራ የእጅ ሠራተኛ ማለት ነው። የላቲኑ «ፋበር» ደግሞ ከዚህ ይሰፋል፤ ብረት ሠሪውንም ይጨምራል። ከዚህም የተነሣ በአራተኛው መቶ ዓመት የነበረው ቅዱስ ሂላርዮስ ይህን ወንጌል ሲተረጕም ብረትን በእሳት ስለሚያሸንፍ ሠራተኛ ተናገረ፤ ሰማያዊው አባት የሰውን ደንዳና ልብ በመንፈሱ እሳት አለዝቦ ለመልካም ሥራ እንደሚያበጀው አስተማረ። ከእርሱ በፊት በሁለተኛው መቶ ዓመት ሰማዕቱ ቅዱስ ዮስጢኖስ ጌታችን በሰዎች መካከል ሳለ ሞፈርና ቀንበር ይሠራ እንደ ነበረ ጽፏል። ይህን ለከላላ ገበሬ ማስረዳት አያስፈልግም። ሞፈርና ቀንበር ያለ ማረሻ፥ ማረሻም ያለ ወገል ምን እንደሚሆኑ እርሱ ከእኛ ይልቅ ያውቃል። ክረምት ሳይገባ ማረሻውን ተሸክሞ ወደ ማን ደጅ እንደሚሄድም ያውቃል። ጌታችን የሠራው ቀንበር በገሊላ እርሻ ላይ ሲውል አጠገቡ ያለውን ማረሻ የቀጠቀጠ አንድ ብረት ሠሪ በዚያ አገር መኖሩ አይቀርም፤ ዮሴፍና እርሱም ሳይተዋወቁ አይቀሩም።

ቅድስት ቤተ ክርስቲያን ይህን ትምህርት አልተወችም። ር.ሊ.ጳ. ጲዮስ 12ኛ በ1955 እ.ኤ.አ. ሜይ 1 ቀን የሠራተኛው የቅዱስ ዮሴፍ በዓል እንዲሆን ወሰኑ። ር.ሊ.ጳ. ዮሐንስ ጳውሎስ ዳግማዊ በ1981 እ.ኤ.አ. ስለ ሰው ሥራ በጻፉት «ላቦሬም ኤክሰርቸንስ» በተባለው መልእክት ቁጥር 26 ላይ በመጽሐፍ ቅዱስ የተጠቀሱ ሙያዎችን ሲዘረዝሩ ሐኪሙን፥ መድኃኒት ቀማሚውን፥ ብረት ሠሪውንና ሸክላ ሠሪውን በአንድነት አቁመዋቸዋል። ር.ሊ.ጳ. ፍራንቸስኮስም በ2020 እ.ኤ.አ. የቅዱስ ዮሴፍን ዓመት ሲያውጁ ሠራተኛ አባትነቱን አንሥተው ጽፈዋል። እነዚህ ሁሉ በመጻሕፍት መደርደሪያችን አሉ።

ዳሩ ግን መጻሕፍት በመደርደሪያ መኖራቸው አላዳነንም፤ ይህን ጽሑፍ እንድንጽፍ ያስገደደንም ይኸው ነው። በዚያ ደጋ የእኛ ምእመናን በጣት የሚቆጠሩ ቤቶች ናቸው። ከስምንት ዓመት በፊት ከእነዚህ ቤቶች በአንዱ የብረት ሠሪ ልጅ ክርስትና ይነሣ ነበር። ክርስትና እናት ትሆናለች ተብላ የታሰበችው ሴት በዋዜማው ታምሜአለሁ ብላ ላከች። ሕመሟን ሁላችንም ዐወቅነው፤ ማንም ግን በስሙ አልጠራውም። በማግሥቱ አንዲት በዕድሜ የገፉ እናት ሕፃኑን ከእናቱ እጅ ተቀብለው አቀፉት፤ ጥምቀቱም ተፈጸመ። እስከዚህ ድረስ ያለውን ብዙ ጊዜ ተናግረነዋል፤ ለእኛም ምስጋና የሚያስገኝ ይመስለን ነበር።

ያልተናገርነው ከጥምቀቱ በኋላ የሆነውን ነው። እማወራዪቱ ቡና አፍልታ ነበር። ጀበናውን የሠራችው ራስዋ ናት። ቄጠማ ተጎዝጉዟል፥ ቈሎው ተቈልቷል። እኛ ግን መንገዱ ሩቅ ነው፥ ሊመሽብን ነው አልን። ገና ከቀኑ ስምንት ሰዓት ነበር። ባልዋ እስከ ደጅ ሸኘን፤ ምንም አላለም። በዚያው ቀን ካህኑ በእጁ ይዞት የነበረውን፥ ሁላችንም የተሳለምነውን የእጅ መስቀል የሠራው ይኸው ሰው ነው። መስቀሉን ተሳለምን፤ ሲኒውን ተጸየፍን። በየአብያተ ክርስቲያናቱ የሚጨሰው ጽና፥ የሚንሿሿው ጸናጽል፥ የሚደወለው ደወል ሁሉ ከእንዲህ ያለ እጅ የወጣ ነው። የላሊበላን አብያተ መቅደስ እንኳን መላእክት ሌሊት እያገዙ ሠሯቸው እንላለን እንጂ ቀን ቀን ዐለቱን ይጠርቡ ስለ ነበሩት ሰዎች አንጠይቅም።

ባለፈው ዓመት ዐቢይ ጾም ከመግባቱ በፊት ወደዚያ ቤት ተመልሰን ሄድን። ሰባት ነበርን። ይህን የምንጽፈው እንደ ገድል እንዲቈጠርልን አይደለም፤ ስምንት ዓመት ያህል ዘግይተናልና። እማወራዪቱ ለምን እንደ መጣን አልጠየቀችም፤ ልጁ አድጓል፥ አባቱን ወናፍ ያግዛል። ቡናው ሲቀርብ ሲኒው ስድስት ብቻ ሆነና ልጁ ወደ ጎረቤት ተላከ፤ ጎረቤቲቱም ሳታመነታ ሰጠችው። ደስ አለን፤ በልባችንም ነገሩ ተለውጧል አልን። በረካውን ጠጥተን ስንነሣ ልጁ ሲኒውን አጥቦ ሊመልስ ሄደ። ጥቂት ቈይቶ ሲኒውን እንደ ያዘ ተመለሰ። እናቱ ምን አለችህ ብላ አልጠየቀችውም፤ ከእጁ ተቀብላ ከስድስቱ ጋር በረከቦቱ ላይ አስቀመጠችው።